ፍቅረኞቹ የማይቀጡበት ታሪክ

በኮሎምበስ ዳውንታውን ሦስት ሕንፃዎች በእግር ብዙ በማያደክም ርቀት ላይ ቆመዋል። በብሮድና በሃይ ስትሪት መገናኛ የኦሃዮ ግዛት ምክር ቤት አለ። ከእሱ በስተደቡብ፣ ስቴት ስትሪትን እንደተሻገሩ፣ በ1928 የተከፈተው ኦሃዮ ቴአትር ይገኛል (ዘመናቱ ተለይተው ካልተጠቀሱ በቀር በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ወደ ምሥራቅ ጥቂት መንገዶች ታልፎ፣ ግራንት አቬኑ ላይ፣ በአንድሪው ካርኔጊ ገንዘብ ተሠርቶ በ1907 አገልግሎት የጀመረው ዋናው የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት አለ። ከበሩ በላይ ለሁሉም ክፍት መሆኑን የሚናገር ጽሑፍ ተቀርጾበታል። ከጀርባው ባለው መናፈሻ ቁጥቋጦዎች በሰው ቅርጽ ተከርክመው ፈረንሳዊው ሠዓሊ ዦርዥ ሰራ የሣለውን ዝነኛ የእሑድ ከሰዓት ሽርሽር ያሳያሉ፤ ቤተ መጻሕፍቱ በ2016 ታድሶ ሲከፈትም መስኮቶቹ ወደዚያው እንዲያዩ ተደርጓል። አንዱ ቤት ሕግ ይወጣበታል፣ አንዱ ፊልም ይታይበታል፣ አንዱ መጽሐፍ ይወሰድበታል። በአሥራዎቹ ዕድሜ ያሉ ልጆች ሲዋደዱ ታሪካቸው እንዴት ይነገር የሚለው ክርክር ከመቶ ዓመት በላይ በእነዚህ ሦስት ዓይነት ቤቶች ደጅ ሲመላለስ ኖሯል።

ክርክሩ ሲነሣ ሁለት ወገኖች ይሰማሉ። አንደኛው፣ ድሮ ጨዋ የነበረው ታሪክ ዛሬ ልቅ ሆኗል ይላል፤ ሁለተኛው፣ ድሮ አፋኝ የነበረው ታሪክ ዛሬ ነፃ ወጥቷል ይላል። የሚጣሉ ቢመስሉም የያዙት መለኪያ አንድ ነው፦ ምን ያህል ታየ፣ ምን ያህል ተባለ። በእኔ ግምት ሁለቱም ዋናውን ለውጥ ስተውታል። ከመሳሳሙ ብዛት ይልቅ መታየት ያለበት ቅጣቱ ነው። ሁለት ልጆች ተዋደዱ፤ ከዚያ በኋላ ዕዳውን የሚከፍለው ማን ነው? ለምንስ ጥፋት? የአፍላ ፍቅር አተራረክ ባለፉት መቶ ዓመታት የተለወጠው እዚህ ላይ ነው።

ቅጣቱ ከየት እንደመጣ ለማወቅ ከኦሃዮ የተሻለ ቦታ ጥቂት ነው። ግዛቲቱ በ1913 የፊልም ሳንሱር ቦርድ አቋቋመች። ሕጉ ቦርዱ የሚያሳልፈው ፊልም ሥነ ምግባርን የጠበቀ፣ የሚያስተምር ወይም ጉዳት የሌለው መዝናኛ እንዲሆን ያዝዝ ነበር። አንድ የፊልም ኩባንያ ጉዳዩን እስከ አሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ቢያደርስም ፍርድ ቤቱ በ1915 ለኦሃዮ ፈረደ፤ ሲኒማ ንግድ እንጂ እንደ ጋዜጣ ነፃነቱ የሚጠበቅለት ንግግር አይደለም አለ። ይህ ፍርድ ለ37 ዓመታት ጸንቶ ቆየ። ግዛቶች እንደፈለጉ መቁረጥ ከቻሉ ዘንድ ሆሊውድ ራሱን አስቀድሞ መቁረጥን መረጠ፤ ከ1934 ጀምሮ በጥብቅ የተሠራበት የውስጥ ደንብ የተመልካች ልብ ከኃጢአት ጋር እንዳይወግን የሚያዝዝ ነበር። ትእዛዙ ወደ ድርሰት ሲተረጎም ትርጉሙ ግልጽ ነው፦ ልጆቹ ካጠፉ ከመጨረሻው ትዕይንት በፊት ይቅመሱ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1952 ሐሳቡን ለውጦ በ1954 የኦሃዮን ቦርድ እጅ ሲያስር፣ የሆሊውድ ደንብም በ1968 በዕድሜ ደረጃ ሲተካ፣ ልማዱ ግን በጸሐፊዎች እጅ ውስጥ ገብቶ ቀርቷል። በ1961 የወጣውን የኤሊያ ካዛንን «ስፕሌንደር ኢን ዘ ግራስ» ማየት ይበቃል። ካንሳስ ውስጥ ሁለት የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎች ይዋደዳሉ፤ ወላጆች ታገሡ ይላሉ፤ ልጅቷ አእምሮዋ ታውኮ ሆስፒታል ትገባለች፣ ልጁ ሌላ ያገባል። ፊልሙ ለልጆቹ ያዝናል፣ በወላጆቹም ላይ ይፈርዳል፤ ሂሳቡን የምትከፍለው ግን ያችው ልጅ ናት።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ካልተነገረ ታሪኩ አይገባም። የአፍላ ፍቅር ታሪክ እንዲኖር በቅድሚያ አፍላነት የሚባል ዘመን መኖር አለበት፤ ልጅም አዋቂም ያልሆኑበት፣ ሥራም ትዳርም ያልያዙበት ጥቂት ዓመታት ማለት ነው። በአሜሪካ ይህን ዘመን የፈጠረው ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ነው። በ1910 ከአሜሪካ ወጣቶች ሁለተኛ ደረጃን የሚጨርሱት ከመቶ አሥር እንኳ አይሞሉም ነበር፤ በ1940 ግማሽ ያህል ደረሱ። የሞሪን ዴሊ «ሰቨንቲንዝ ሰመር» በ1942 መውጣቱ እንግዲህ በአጋጣሚ አይደለም። በዚያ መጽሐፍ ልጅቷና ልጁ አንድ በጋ ይዋደዳሉ፣ በልግ ሲመጣ እሷ ወደ ኮሌጅ ትሄዳለች፣ ያበቃል። ቅጣት የለም። ግን ቅጣት ያልነበረው የሚያስቀጣ ነገር ስላልተፈጸመ ነው፤ ደንቡ አልተነካም።

ደንቡን የነካችው ጁዲ ብሉም ናት። በ1975 የወጣው «ፎርኤቨር» መነሻው የገዛ ልጇ ጥያቄ እንደነበር ደራሲዋ ደጋግማ ተናግራለች፤ ልጅቷ የፈለገችው ሁለት ደህና ልጆች ተዋደው፣ አብረው ተኝተው፣ ማንኛቸውም ሳይሞቱ የሚያልቅ ታሪክ ነበር። ጥያቄው ራሱ በዘመኑ የነበረውን መደርደሪያ ይገልጸዋል። ካትሪንና ማይክል የመጨረሻ ዓመት ተማሪዎች ናቸው። ለዘላለም እንዋደዳለን ይባባላሉ፤ ልጅቷ ክሊኒክ ሄዳ ሐኪም ታማክራለች፤ በጋው ሲመጣ በሥራ ምክንያት ይራራቃሉ፤ የእሷ ልብ ወደ ሌላ ያዘነብላል፤ ነግራው ይለያያሉ። ያልተፈለገ እርግዝና አይደርስባትም፣ አታብድም፣ ከቤት አትባረርም። ያማል፣ ያልፋል። ይህ ትንሽ የሚመስል ፍጻሜ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በኋላም ያስቆጣል። ዩታ በ2024 ከግዛቲቱ የሕዝብ ትምህርት ቤቶች እንዲወጡ ካዘዘቻቸው 13 መጻሕፍት አንዱ ይኸው ነው። ቁጣው በግልጽ ስለተጻፉት ገጾች ነው ይባላል፤ እውነትም ገጾቹ ግልጽ ናቸው። ነገር ግን የባሰ ግልጽ ነገር ጽፎ በመጨረሻ ልጅቷን የቀበረ መጽሐፍ እንደ ማስጠንቀቂያ ታይቶ ስንት ጊዜ እንዳለፈ ማሰብ ደግ ነው። (በነገራችን ላይ የኮሎምበስ ቤተ መጻሕፍት ከ2017 ጀምሮ መጽሐፍ ያዘገየን ሰው በገንዘብ መቅጣት ትቷል። ሳይቀጣም መላሽ አለ ብሎ ያመነ ይመስላል።)

ከብሉም በኋላ መንገዱ ቀጥ ብሎ አልሄደም፤ ለዚህም ምስክሩ የኮሎምበስ ተወላጅ ነው። አር. ኤል. ስታይን በ1943 ኮሎምበስ ተወልዶ ከከተማዋ ጋር በተያያዘችው ቤክስሊ አድጎ፣ በኦሃዮ ስቴት ዩኒቨርሲቲ የተማሪዎችን የቀልድ መጽሔት ሲያዘጋጅ የነበረ ሰው ነው። ዓለም የሚያውቀው በልጆች የአስፈሪ ታሪክ ቢሆንም፣ ከዚያ በፊት ለአፍላ ወጣቶች ይጽፍ ነበር። አርዕስቶቹ ጉዳዩን ይናገራሉ፦ በ1986 ከማያውቁት ሰው ጋር ስለሚደረግ ቀጠሮ፣ በ1990 ስለ ወንድ ጓደኛ፣ በ1991 ስለ ሴት ጓደኛ። በ1989 በተጀመረው «ፊር ስትሪት» የመጀመሪያ መጽሐፍ አንድ ልጅ አዲስ የመጣች ገርጣ ያለች ተማሪ ይወድዳል፤ ስለ እሷ ሲጠይቅ ሞታለች ይሉታል። ስታይን ስብከት አልጻፈም፤ ገንዘብና ሳቅ የሚያመጣ ድንጋጤ ጻፈ። ይሁንና አንባቢው ገጹን ሲገልጥ የሚጠብቀው አንድ ነገር ነበር፦ ከተቃጠሩ አደጋ አለ። ብሉም ከበር ያስወጣችው ቅጣት በመስኮት ተመልሶ ገባ፤ ያውም እንደ መዝናኛ።

ይኸው ሥራ በ2021 በኔትፍሊክስ ሦስት ፊልም ሆኖ ሲቀርብ የደረሰበትን ማየት ለክርክሬ ከሁሉ የሚረዳ ማስረጃ ነው። ታሪኩ የሚካሄደው በኦሃዮ በምትገኝ ሼዲሳይድ በተባለች ምናባዊ ከተማ ነው። ግድያው እንዳለ ነው፤ እንዲያውም ብሷል። ፍቅሩ በሁለት ልጃገረዶች መካከል ነው፤ ይህም ብዙ የእኛን አንባቢ ከወዲሁ እንደሚያሻክር አውቃለሁ። ለጊዜው ግን ቅጣቱ የት እንደሄደ ብቻ እንመልከት። ከተማዋ ለሦስት መቶ ዓመታት የረገመቻት በ1666 የተሰቀለች ጠንቋይ ናት ብላ ታምናለች። በመጨረሻው ፊልም የምትሰማው ሌላ ነው፤ ሴትዮዋ ጠንቋይ አልነበረችም፣ የተወነጀለችው በፍቅሯ ነው፣ እርግማኑን ያመጣው ሀብትና ሥልጣን የፈለገ የተከበረ ጎረቤት ነው፣ ዘሮቹም እስከ ዘመናችን ሥልጣን ላይ ናቸው። ዘመናዊዎቹ ፍቅረኞች ይተርፋሉ። በአንድ ደራሲ ስም፣ በአንድ የታሪክ ዓለም፣ በሦስት ዐሥርት ዓመታት ውስጥ ጥፋቱ ከፍቅረኞች ትከሻ ወርዶ በባለ ሥልጣን ትከሻ ላይ ተጫነ።

ከስታይን ሃያ ዓመት ዘግይታ፣ በ1963፣ ሌላዋ ደራሲ ጃክሊን ዉድሰን እዚሁ ኮሎምበስ ተወለደች። ሕፃን ሳለች ቤተሰቧ ወደ ሳውዝ ካሮላይና ወሰዳት፣ ያደገችውም እዚያና በብሩክሊን ነው፤ ኮሎምበስ ግን የልጅነት ሕይወቷን በግጥም የተረከችበትና በ2014 የአሜሪካን ብሔራዊ የመጽሐፍ ሽልማት ያስገኘላት ሥራ መነሻ ናት። እዚህ የምንፈልገው በ1998 ያወጣችውን «ኢፍ ዩ ካም ሶፍትሊ»ን ነው። ኤሊ ነጭ አይሁዳዊት ናት፣ ጀረማያ ጥቁር፤ ሁለቱም የአሥራ አምስት ዓመት ልጆች፣ በማንሃተን የግል ትምህርት ቤት ኮሪደር ተጋጭተው መጻሕፍት ሲበተኑ ይተዋወቃሉ። ፍቅራቸው እጅ ከመያያዝና ከመሳሳም ብዙም አያልፍም፤ በይዘት ለኩት ቢባል ከዴሊ የ1942 መጽሐፍ ጎን ይቀመጣል። መጨረሻ ላይ ግን ጀረማያ ይሞታል። በደስታ ሰክሮ በሴንትራል ፓርክ ሲሮጥ ሌላ ጥቁር ሰው የሚያሳድዱ ፖሊሶች ይገድሉታል። ታዲያ ቅጣቱ ተመለሰ ማለት ነው? አይደለም። ልጁ የሞተው ስለወደደ አይደለም። ሞቱ የሚከሰው አገሩን ነው። መሳሳም ሳይጨምር፣ ሞት ሳይቀንስ፣ ታሪኩ ግን ፈጽሞ ሌላ ሆነ፤ በብዛትና በግልጽነት የሚለካ ሰው ይህን ለውጥ ጨርሶ አያየውም።

አማርኛ አንባቢ እዚህ ሲደርስ አንድ ነገር ትዝ ሊለው ይገባል። ይህን ያደረገ ሰው ከዉድሰን ከሠላሳ ዓመት በፊት ነበረን። ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ባሳተሙት «ፍቅር እስከ መቃብር» ፍቅረኞቹ ይሞታሉ፤ ርዕሱም አይደብቀውም። ነገር ግን በወጋየሁ ንጋቱ ድምፅ በሬዲዮ የሰማው ሕዝብ ያለቀሰው በዛብህና ሰብለ ወንጌል አጠፉ ብሎ አልነበረም። ክሱ የዘር ኩራት ባሰከራቸው በፊታውራሪ መሸሻና ባቆማቸው ሥርዓት ላይ ነው። ሰብለ ወንጌል ግን አፍላ ልጅ አልነበረችም። የቤቱ ጭንቀት አባቷ ለዘራቸው የሚመጥን ባል ሲያማርጡ የማግቢያ ዕድሜዋ ማለፉ ነበር። በጎጃም የእኩዮቿ ዕጣ ገና በልጅነት መዳር ስለነበረ የአሥራ አምስት ዓመት ልጅ ፍቅር ሊተረክ የሚችልበት ጊዜ ራሱ አልነበረም፤ በልቦለድ ገጽ ላይ ልትወድ የምትችለው ሳትዳር የቀረችዋ ብቻ ናት። የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ ለሴት የጋብቻ ዕድሜን 15 አደረገ፤ 18 የሆነው በ1992 ዓ.ም. በተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ ነው። በአሜሪካ ትምህርት ቤት የሠራውን በኢትዮጵያ ትምህርት ቤትና ሕግ አብረው ሊሠሩት ያዙ።

የመጀመሪያው ፍሬም የፍቅር ታሪክ ሳይሆን የእምቢታ ታሪክ ሆኖ መጣ። የዘረሰናይ ብርሃኔ መሐሪ «ድፍረት» በ2014 በሰንዳንስ የተመልካቾችን ሽልማት ሲያገኝ ያሳየው የ14 ዓመት ተማሪ ከትምህርት ቤት ስትመለስ ተጠልፋ፣ ጠላፊዋን ተኩሳ ስትገድልና ጠበቃዋ መዓዛ አሸናፊ ስትከራከርላት ነው፤ መነሻውም በ1990ዎቹ የደረሰ እውነተኛ ጉዳይ ነው። እስከ 1997 ዓ.ም. የቆየው የወንጀል ሕግ የጠለፋትን ያገባ ሰው ከቅጣት የሚድንበት ቀዳዳ ነበረው። እዚያ ቅጣቱ የማን እንደነበር ማስረዳት አያስፈልግም። እምቢ ማለት የማትችል ልጅ እሺ ብትልም ፍቅር አይባልም፤ ስለዚህ ይህ ፊልም የፍቅር ታሪኮች ሁሉ መሠረት ላይ የቆመ ነው። አሜሪካም ይህን ዘግይታ ነው የተማረችው። በ1984ቱ «ሲክስቲን ካንድልስ» መልከ መልካሙ ልጅ ሰክራ ራሷን የማታውቅ ጓደኛውን ለሌላ ልጅ አስረክቦ ይሄዳል፤ አዳራሹ እንዲስቅ ነው የተጻፈው። የፊልሙ ዋና ተዋናይት ሞሊ ሪንግዋልድ በ2018 በኒው ዮርከር መጽሔት ያን ዘመን ሥራዋን መልሳ ስትመረምር ሳቁ ጉሮሮ ላይ የሚቀር ሆኖ ተገኘ። በ1984 ያ ነገር ጨዋ መዝናኛ ነበር።

ይህን ክርክር የሚፈታተን አንድ ትልቅ ሥራ አለ። «ትዋይላይት» በ2005 ሲወጣና በ2008 ፊልም ሲሆን የ17 ዓመቷ ቤላ የወደደችው ደም መጣጭ ነው፤ ራሱን ካልገታ ይገድላታል። ምኞት ማለት ሞት ማለት ሆነ፤ ሆሊውድ ከ1934 ጀምሮ በጥብቅ የሠራበትን ደንብ ያረቀቁት ሰዎች ቢያዩት ደስ ይላቸው ነበር። ልጁ ሳትጠይቀው መኝታ ክፍሏ ገብቶ ስትተኛ ያያታል፤ መጽሐፉ ይህን ፍቅር ይለዋል። በሚሊዮኖች ተነበበ። ስለዚህ ለውጡ ወደ ፊት ብቻ የሚፈስ አይደለም፤ ይህን እቀበላለሁ። ግን ተቺዎች በመጽሐፉ ላይ ያነሡትን ነቀፋ ልብ እንበል። ብዙዎቹ የነቀፉት ስለ መሳሳሙ አልነበረም፤ ስለ ቁጥጥሩ ነበር። ሰዉ የሚጠይቀው ጥያቄ መለወጡን የሚያሳይ ከዚህ የበለጠ ነገር የለም።

የከበደው ተቃውሞ ግን የወላጅ ነው። ቅጣቱን ከታሪክ ካወጣችሁት ልጁን ምን ይይዘዋል? ጥያቄው ንቀት አይገባውም፤ ኤች አይ ቪ ቤት በቤት ሲገባ ያየ ትውልድ ፍርሃት ሕይወት ሲያድን አይቷል። ቁጥሩ ግን ፍርሃትን አይደግፍም። በአሜሪካ ከ15 እስከ 19 ዓመት ባሉ ሴቶች ዘንድ ከሺህ 61.8 የነበረው የ1991 የወሊድ መጠን በ2022 ወደ 13.6 ወርዷል። የግብረ ሥጋ ግንኙነት ጀምረናል የሚሉ የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎችም በ1991 ከመቶ 54 ነበሩ፤ በ2021 ወደ 30 ዝቅ አሉ። መጻሕፍቱና ፊልሞቹ ግልጽ በሆኑባቸው በእነዚያው ዓመታት ልጆቹ ቆጠብ አሉ። ልቦለድ አደረገው አልልም፤ የወሊድ መከላከያ አለ፣ ትምህርት አለ፣ ስልክ ይዞ ቤት መቀመጥ አለ። የምለው፣ ልቅ ታሪክ ልቅ ልጅ ያወጣል የሚለው ስሌት እዚህ አልሠራም ነው። በተቃራኒው የሚጠቀሰው በ2009 ኤም ቲቪ የጀመረው በአሥራ ስድስት ዓመታቸው ያረገዙ ልጃገረዶችን የሚያሳይ ፕሮግራም ነው። ሁለት የምጣኔ ሀብት ተመራማሪዎች፣ ሜሊሳ ኪርኒና ፊሊፕ ሌቪን፣ በ18 ወር ውስጥ የአፍላ ወሊድን በ5.7 ከመቶ ቀንሷል ብለው ነበር፤ ሌሎች ስሌቱን ሞግተውታል። ትክክል ነው ብንል እንኳ ፕሮግራሙ ያሳየው ቅጣት አልነበረም፤ ሌሊት የሚያለቅስ ሕፃን፣ የተቋረጠ ትምህርት፣ ስልክ የማያነሳ አባት ነው። የሥራ ውጤትን ማሳየትና ከሰማይ የወረደ መቅሠፍትን ማሳየት አንድ አይደሉም። ልጅ የመጀመሪያውን ያምናል፣ በሁለተኛው ይስቃል።

እውነተኛው ሥጋት ያለው ሌላ ቦታ ይመስለኛል። በ2012 የተደረገ የገበያ ጥናት ለአፍላ ወጣቶች የተጻፉ መጻሕፍትን ከሚገዙት 55 ከመቶው 18 ዓመትና ከዚያ በላይ መሆናቸውን አሳይቷል። እንደ «ዩፎሪያ» ባሉ ተከታታይ ድራማዎች የአሥራ ሰባት ዓመት ልጅ ሆነው የተጫወቱት በሃያዎቹ ዕድሜ ያሉ ተዋንያን ናቸው፣ ሰዓቱም የአዋቂ ነው። ታሪኩ ስለ ልጆች ሆኖ ለአዋቂ ሲሸጥ አዋቂው የሚናፍቀውን ይይዛል እንጂ ልጁ የሚያስፈልገውን አይደለም። ልጆቹ ራሳቸው ሲጠየቁ ያሉት ይገርማል፤ በ2023 የዩ ሲ ኤል ኤ ተመራማሪዎች ከጠየቋቸው ከ13 እስከ 24 ዓመት ያሉ ወጣቶች 47.5 ከመቶው ለአብዛኛው ታሪክ ወሲብ አያስፈልግም ብለዋል፣ ከግማሽ በላዩ ደግሞ ስለ ጓደኝነት የበለጠ ማየት ይፈልጋሉ። ወላጅና ልጅ ከሚያስቡት በላይ ይስማማሉ።

በጥር 2025 የኦሃዮ ገዥ ማይክ ዲዋይን ትምህርት ቤቶች ወሲብን የሚመለከት ይዘት ከማስተማራቸው በፊት ለወላጅ እንዲያሳውቁ የሚያስገድደውን ሕግ ፈርመዋል። ኮሎምበስ ውስጥ ልጆች የሚያሳድጉ በሺዎች የሚቆጠሩ ኢትዮጵያውያንም መብቱ አላቸው፣ ሊጠቀሙበትም ይገባል። ልጅዎ ከግራንት አቬኑ መጽሐፍ ይዞ ከመጣ ወይም ማሳወቂያ ደብዳቤ ከደረሰዎ፣ ለመሳሳሙ ገጾቹን አያሳድዱ። የመጨረሻውን ምዕራፍ ያንብቡና ዕዳውን የከፈለው ማን እንደሆነ፣ ልጅቷ እምቢ ብትል ምን ይደርስባት እንደነበር ልጅዎን ይጠይቁት። በአማርኛ ለምትጽፉ ደግሞ፦ ኢትዮጵያዊ ስም ያላቸው የአሥራ ስድስት ዓመት ልጆች በእነዚያ መደርደሪያዎች ላይ እጅግ ጥቂት ናቸው። ወድዳ፣ አዝና፣ ተለይታ፣ በማግስቱ ክፍሏ የምትገባ አንዲት ልጅ ጻፉልን።